ልጄ 8ኛ ክፍል ደርሶም ማንበብ ይከብደዋል፤ ዲስሌክሲያ ይሆን?

እናት ከጉለሌ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ትንሽ ይረዝማል፣ ታገሱኝ።

የመጀመሪያ ልጄ 14 ዓመቱ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ የግል ትምህርት ቤት 8ኛ ክፍል ይማራል፣ ዘንድሮ ሚኒስትሪ ተፈታኝ ነው። ችግሩ ንባብ ነው። አማርኛውን እንኳ ሲያነብ አንድ አንድ ፊደል እየለቀመ ነው የሚሄደው። እንግሊዝኛ ሲሆን ደግሞ የቃሉን መጀመሪያ ያይና የቀረውን ይገምታል። ሲጽፍ ቡ እና ቢ ይምታታበታል፣ ትናንት በትክክል የጻፈውን ቃል ዛሬ ሌላ አድርጎ ይጽፈዋል።

የሚገርመኝ ግን ይኼ ነው፦ ስለ ዓድዋ አንድ ጊዜ ካነበብኩለት የማን ጦር በየት በኩል እንደመጣ ለታናሽ እህቱ ቁጭ አድርጎ ይተርክላታል፣ እሷም አፏን ከፍታ ትሰማዋለች። ያንኑ ወረቀት ላይ ሲጠየቅ ከ10 3 ያመጣል። አስጠኚ ቀጥረን በሳምንት ሦስት ቀን ይመጣል፣ ለውጥ የለም። ሆም ሩም መምህሩ "ልጁ ጎበዝ ነው ግን ሰነፍ ነው" አሉኝ። ይኼ አነጋገር እስካሁን አልገባኝም።

ባለፈው ሳምንት አንድ ነገር ነገረኝና እንቅልፍ ነሳኝ። ክፍል ውስጥ ተራ በተራ አንቀጽ ሲያነቡ እሱ ከፊቱ ያሉትን ልጆች ቆጥሮ የሚደርሰውን አንቀጽ ቀድሞ ያገኝና ተራው እስኪደርስ በቃሉ ይይዘዋል። ካልቻለ ሽንት ቤት ብሎ ይወጣል። ይኼን ከ4ኛ ክፍል ጀምሮ ሲያደርገው ኖሯል። "እማ፣ እኔ ደደብ ነኝ አይደል?" አለኝ። ምን ልበለው?

ዲስሌክሲያ የሚባል ነገር ሰምቼ ፈልጌ አነበብኩ፣ ሁሉም ስለ ትንንሽ ልጆች ነው የሚያወራው። 14 ዓመት ከሞላው በኋላ የሚደረግ ነገር አለ? ወይስ አልፎበታል? የምታውቁ ምከሩኝ።

ቀጭኔው፦

የዘመኑ ልጆች ሁሉ እንደዚህ ናቸው። ስልኩን ቀሚው፣ በሁለት ወር አንባቢ ይሆናል። እኛ በኩራዝ ነው ያነበብነው። በሽታ በሽታ አታብዙባቸው።

መምህር ነኝ፦

ቀጭኔው፣ ልጁ ክፍል ውስጥ ለማንበብ ያፈጠጠውን ያህል አንተ በኩራዝም አላፈጠጥክም። ከፊቱ ያሉትን ልጆች ቆጥሮ አንቀጹን በቃሉ የሚይዝ ልጅ ሰነፍ አይባልም። ከሌላው ልጅ ሦስት እጥፍ እየሠራ ነው፣ ያውም ማንም ሳያይለት።

እህቴ፣ ልዩ ፍላጎት ትምህርት ተምሬ ነው የማስተምረው። በጽሑፍ ብቻ "ልጅሽ ዲስሌክሲያ አለበት" ልልሽ አልችልም፣ ማንም በኢንተርኔት እንደዚያ ቢልሽም አትመኚ። ያልሽው ነገር ግን በጣም ይመስላል። ዲስሌክሲያ ማለት በአጭሩ ቃልን በፊደል መለየትና መጻፍ ላይ የሚያጋጥም ችግር ነው። ከማሰብ ችሎታ ጋር አይገናኝም። ከዓይንም አይደለም። አእምሮ የቋንቋን ድምፆች ነጣጥሎ ከፊደል ጋር የሚያገናኝበት መንገድ ነው የሚለየው። ለዚህ ነው ሲሰማ ሁሉን የሚይዘው፣ ሲያነብ የሚጠፋበት።

አዲስ ነገርም አይደለም። በ1896 እ.ኤ.አ. ፕሪንግል ሞርጋን የሚባል እንግሊዛዊ ሐኪም ፐርሲ ስለሚባል ልጅ ጽፎ ነበር። ልጁ እንደ ልጅሽ 14 ዓመቱ ነው። ብሩህ ነው፣ ሒሳብ ላይ ችግር የለበትም፣ ግን የራሱን ስም እንኳ ፊደሎቹን አዟዙሮ "ፕረሲ" ብሎ ጽፎ ስህተቱ አልታየውም። መምህሩ ታዲያ ትምህርቱ ሁሉ በቃል ቢሆን ኖሮ ከትምህርት ቤቱ አንደኛ የሚወጣው እሱ ነበር ብሎ መስክሯል። ይኸው ከመቶ ዓመት በላይ አልፎ እኛ ዛሬም "ጎበዝ ነው ግን ሰነፍ ነው" እንላለን።

አማርኛ ላይ መልኩ ትንሽ ይለያል። የኛ ፊደል ብዙ ነው፣ ሰባቱን ቤት ቆጥረሽ ከ230 በላይ ቅርጽ መልመድ አለብሽ፣ ካዕብና ሣልስ (እንደ ቡ እና ቢ) ደግሞ የሚለዩት በአንዲት ጭረት ቦታ ነው። አንዴ ከተያዘ ግን ፊደሉ ድምፁን አይለውጥም። ስለዚህ ዲስሌክሲያ ያለበት ልጅ አማርኛን ብዙ ጊዜ በትክክል ያነብና ቀርፋፋ ይሆናል፣ መምህሩም "ያነባል እኮ" ይላል። ሀ፣ ሐ፣ ኀ ሲመጣ ግን መከራ ነው፣ ድምፁ አንድ ስለሆነ በጆሮ አይያዝማ። መጥበቅና መላላቱም አይጻፍም። "ገና" የሚለው በዓሉ ይሁን "ገና አልመጣም" የሚለው ይሁን የምታውቂው ዓረፍተ ነገሩን ስትጨርሺ ነው፣ በየፊደሉ የሚቆም ልጅ ደግሞ ጫፉ ሳይደርስ መነሻው ይጠፋበታል። እንግሊዝኛማ አንድ ፊደል አምስት ዓይነት ድምፅ እያወጣ ጉዱን ያፈላዋል። እዚህ አዲስ አበባ 7ኛና 8ኛ ላይ አብዛኛው ትምህርት በእንግሊዝኛ ሲሆን ብዙ ልጆች ድንገት "ሰነፉ" የሚባሉት ለዚህ ነው።

አልፎበታል ወይ ላልሽው፣ አላለፈም። እንደ 6 ዓመት ልጅ በፍጥነት አይሄድም፣ ግን በትክክል ከተማረ በ14ም በ40ም ይሻሻላል። አስጠኚው ምንድነው የሚያደርገው? የቤት ሥራውን ከሆነ የሚያሠራው ገንዘባችሁ ነው የሚያልቀው። ንባቡን ራሱን ነው ማስተማር ያለበት፣ ድምፅን ከፊደል፣ ከቀላል ወደ ከባድ፣ ምንም ሳይዘል። ለትልቅ ልጅ ደግሞ ቃል መቁረጥ በጣም ይጠቅማል። "እንደማይመለሱላቸው" የሚለውን በአንድ ዓይን ሲያየው ይደነግጣል። እንደ፣ ማይ፣ መለሱ፣ ላቸው ብሎ ሲቆርጠው ግን ሁሉንም ያውቃቸዋል። እንግሊዝኛውንም እንደዚያው፣ ፎቶ አንድ ቦታ፣ ሲንተሲስ አንድ ቦታ። በቀን 20 ደቂቃ ይበቃል፣ ግን በየቀኑ። እሁድ ሦስት ሰዓት አስቀምጦ ማሠቃየት ለማንም አይጠቅምም። ድሮ የኔታ ዘንድ በስንደዶ ፊደሉን እየነኩ ያስቆጥሩ የነበረውም ሞኝነት አልነበረም። ከመስመሩ ሥር ማስመሪያ ያስቀምጥ፣ ጣቱንም ይጠቀም፣ ማንም አይሳቅበት።

ከሁሉ በፊት ግን ዓይኑንና ጆሮውን አስመርምሪ። ከዚያ የልዩ ፍላጎት ባለሙያ ወይም የትምህርት ሳይኮሎጂ ባለሙያ ይየው። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የልዩ ፍላጎት ትምህርት ክፍል አለው፣ እዚያ ሄዶ ማን ጋ እንደሚኬድ መጠየቅ ጥሩ መነሻ ነው። አንድ ነገር ተጠንቀቂ፦ ለአሜሪካ ወይም ለእንግሊዝ ልጆች በተሠራ የእንግሊዝኛ ፈተና ብቻ መዝኖ ውጤት የሚሰጥሽ ካለ፣ አማርኛውንስ ብለሽ ጠይቂ።

እናት ከጉለሌ፦

መምህር፣ እግዜር ይስጥልኝ። ሁለት ጥያቄ ብቻ። አንድ ጓደኛዬ ባለቀለም መነጽር አለ፣ ፊደሉ እንዳይደንስ ያደርጋል አለችኝ፣ ዋጋው ግን አይቀመስም። ሁለተኛ፣ ባለቤቴ ይኼን ሁሉ ሳነብለት ዝም ብሎ ሰማና "እኔም እንደዚሁ ነበርኩ" ብሎ ወጣ። ከ10ኛ ክፍል ነው ያቋረጠው። ሲኖ ነው የሚነዳው። ከእሱ ሊሆን ይችላል?

መምህር ነኝ፦

መነጽሩን ተይው። የአሜሪካ የሕፃናት ሐኪሞችና የዓይን ሐኪሞች ማኅበራት በ2009 እ.ኤ.አ. አንድ ላይ ባወጡት መግለጫ ባለቀለም መነጽርም ሆነ የዓይን ልምምድ ለዲስሌክሲያ እንደሚጠቅም ማስረጃ የለም ብለዋል። ዓይኑ ሩቅ ወይም ቅርብ አላይ ካለው መነጽር ያስፈልገዋል፣ ያ ሌላ ጉዳይ ነው። በዚያ ገንዘብ ሁለት ወር በደንብ የሚያስተምር ሰው ታገኚበታለሽ።

አዎ፣ በቤተሰብ ይወርዳል። ባለቤትሽን አትጫኚው። ግን እሱ ራሱ አፍ አውጥቶ ለልጁ ቢነግረው እኔ እዚህ ከጻፍኩት ሁሉ ይበልጣል።

ብየዳ ቤት፦

ጤና ይስጥልኝ እናቴ። እኔ ብዙ ጊዜ አንባቢ ነኝ እንጂ አልጽፍም፣ ይኼንንም በድምፅ ነው የጻፍኩት። ስልኬ ላይ ማይኩን ተጭኜ እናገራለሁ፣ እሱ ይጽፋል። አንዳንዱን ያበላሸዋል፣ ግን ከኔ ይሻላል 😂

ዕድሜዬ 29 ነው። በልጅነቴ ደደብ ብቻ ሳይሆን "ዓይነ ጥላ አለበት" ተብዬ ጸበል ተወስጃለሁ። ጸበሉን አልተቃወምኩም፣ አሁንም እጠመቃለሁ። ግን ስመለስ ፊደሉ እንደነበረው ነው የጠበቀኝ። አንድ መምህር ጥቁር ሰሌዳ ፊት አቁሞ ያስነብበኝ ነበር፣ ክፍሉ ሲስቅ እሱም አብሮ ይስቃል። ከዚያ በኋላ ረባሽ ሆንኩ። ለምን እንደሆነ ልንገርዎት፣ የሚረብሽ ልጅ ከክፍል ይባረራል፣ ከተባረረ አያነብም። ልጅዎ ሽንት ቤት ነው የሚወጣው፣ ጨዋ ልጅ ስለሆነ ነው። እኔ ወንበር ነበር የምሰብረው።

ከሁሉ በፊት ትምህርት ቤቱን "ልጄን ክፍል ፊት ድንገት አታስነብቡት" ብለው ይለምኗቸው። ብር አያስወጣም፣ ዶክተር አያስፈልገውም። ከፈለገ ቀን ቀድመው አንቀጹን ይስጡትና ቤት ተዘጋጅቶ ይምጣ። እኔ ይኼን ብቻ ባገኝ ኖሮ እስከ 12 እማር ነበር ብዬ አስባለሁ።

ቴክኒክና ሙያ ገባሁ፣ ብየዳና ብረታ ብረት። እዚያ ሰው ሆንኩ። ግን የሙያ መንገድ ንባብ የለበትም የሚሉዎትን አይስሟቸው። የብቃት ምዘናው የጽሑፍም አለው የተግባርም። ተግባሩን አንደኛ ነበር ያለፍኩት፣ ጽሑፉ ሁለቴ ጣለኝ። ሦስተኛው ላይ ጓደኛዬ ጥያቄዎቹን በድምፅ ቀርጾልኝ ማሽን እየሠራሁ ሰማኋቸው፣ አለፍኩ። አሁን የራሴ ሱቅ አለኝ፣ ሁለት ልጆች ቀጥሬያለሁ። ልኬት እወስዳለሁ፣ ዋጋ እተምናለሁ፣ ውል ግን እህቴ ሳታነብልኝ አልፈርምም። ይኼን ደንበኛም ያውቃል፣ አላፍርበትም። ማፈር ያቆምኩት ግን በ25 ዓመቴ ነው፣ ያ ሁሉ ዓመት በከንቱ ሄደ።

ሌላም ልበል። ሰው ሊያጽናና ሲፈልግ "አንስታይንም ዲስሌክሲያ ነበረበት" ይላል። እሱ ማስረጃ የሌለው ወሬ ነው ይባላል። እንግሊዛዊው ቢሊየነር ሪቻርድ ብራንሰን ግን እውነት አለበት፣ ራሱ ይናገራል፣ በ16 ዓመቱ ትምህርት አቁሟል። ታዲያ ምን ያደርግልኛል? እሱ አውሮፕላን አለው እኔ ብየዳ ማሽን ነው ያለኝ። ለልጅዎ ቢሊየነር አይንገሩት። ሰፈር ውስጥ ማንበብ እየከበደው የሚኖር ደህና ሰው ያሳዩት። ባለቤትዎ ሲኖ ይነዳሉ ብለዋል አይደል? ጅቡቲ ደርሶ መልስ፣ ያን ሁሉ ወረቀት፣ ያን ሁሉ ኬላ እንዴት እንደሚያልፉት ይጠይቃቸው።

ሲልቨር ስፕሪንግ፦

እህት ዓለም፣ አንብቤ ስጨርስ አለቀስኩ። የኔዋ አሁን 17 ዓመቷ ነው፣ እዚህ አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ነው የተወለደችው። እዚህ ያላችሁ ሐበሾችም ይጠቅማችሁ ይሆናል ብዬ ነው የምጽፈው።

ልጄ እስከ 7ኛ ክፍል ድረስ ትምህርት ቤቱ የሚለኝ አንድ ነገር ነበር፦ "ቤት ውስጥ አማርኛ ስለምታወሩ ነው፣ እንግሊዝኛዋ ይስተካከላል።" እኔም አምኜ አማርኛ ማውራት አቆምኩ። ዛሬ ከአያቷ ጋር በስልክ ስታወራ ቃል ሲጠፋት በራሴ እበሳጫለሁ። ሁለት ቋንቋ ዲስሌክሲያ አያመጣም፣ ይኼን ያወቅሁት ዘግይቼ ነው።

እዚህ አገር ሕግ አለ። ልጄ ትመርመርልኝ ብለሽ በጽሑፍ ትጠይቂያለሽ። በአፍ አይደለም፣ በጽሑፍ፣ ቀን ያለበት። ከተስማሙና ፈቃድሽን ፈርመሽ ከሰጠሽ የፌዴራሉ ሕግ በ60 ቀን ውስጥ መርምሩ ይላል፣ ክፍለ ግዛቶች የራሳቸው ቀነ ገደብ ሊኖራቸው ይችላል። ምርመራው በነፃ ነው። ልጁ ልዩ ትምህርት የሚያስፈልገው ከሆነ አይኢፒ የሚባል ዕቅድ ይጻፍለታል። ትምህርቱን ከሌሎች ጋር መከታተል ችሎ ተጨማሪ ሰዓትና የመሳሰለው ብቻ ካስፈለገው 504 የሚባለው ዕቅድ አለ። በስብሰባው ላይ አስተርጓሚ ከፈለግሽ እነሱ ናቸው የሚያመጡልሽ፣ ልጅሽን አስተርጓሚ አታድርጊያት፣ እኔ አድርጌያታለሁና የማይሆን ነገር ነው። ስለራሷ ድክመት ለእናቷ እንድትተረጉም ማድረግ ምን ማለት እንደሆነ አስቡት።

የኛ ሰው ስፔሻል ኢጁኬሽን ሲባል ይደነግጣል፣ "ልጄ እብድ ነው ወይ" ይላል። በቤተ ክርስቲያን በር ላይ እንዳይወራ ብለው የሚደብቁ ብዙ አውቃለሁ። ስንደብቅ ግን ልጁ የሚሰማው "የሚያሳፍር ነገር አለብኝ" የሚለውን ነው።

ለትልልቆቹ ደግሞ አንድ ያላወቅነው ነገር ነበር። አይኢፒው ኮሌጅ ድረስ አይከተልሽም። ኮሌጅ ስትገባ ልጅቷ ራሷ ቢሮ ሄዳ፣ ወረቀቷን ይዛ፣ "ይኼ ይኼ ያስፈልገኛል" ብላ መጠየቅ አለባት፣ እናት አትጠይቅላትም። ስለዚህ ከአሁኑ እያለማመድኳት ነው። ባለፈው ስብሰባ ላይ እኔ ዝም አልኩ፣ እሷ ተናገረች። እጇ ይንቀጠቀጥ ነበር ግን ተናገረች።

አዲስ አበባ ይኼ ሕግ እንደሌለ ይገባኛል። ግን ወረቀት የትም ይሠራል። ለትምህርት ቤቱ ደብዳቤ ጻፊ፣ ኮፒውን ያዢ። ብየዳ ቤት ያለውን መጀመሪያ ጻፊ፣ ከዚያ ፊደል ስህተት ለብቻ ይታረም እንጂ ከሶሻል ውጤቱ አይቀነስ በይ፣ ከዚያ አንዳንዱን ፈተና በቃል ይጠየቅ በይ። ከሦስቱ አንዱን ቢፈቅዱልሽም ትርፍ ነው። ልጁ ሳይስማማ ግን ምንም አትላኪ። 14 ዓመቱ ነው፣ የሱ ጉዳይ ነው።

ተማሪ ነኝ በድብቅ፦

እኔ 11ኛ ነኝ። እናቴ ይኼን እንዳታነብ 😅 ለልጅሽ ንገሪው፣ ኤጅ ብራውዘር ላይ ጽሑፍ ጮክ ብሎ የሚያነብ ነገር አለ፣ አማርኛም ያነባል፣ የሴትም የወንድም ድምፅ አለው። ኢንተርኔት ሲኖር ነው። መጽሐፉን ፒዲኤፍ አድርጌ እሱ እያነበበ እኔ በዓይኔ እከተላለሁ፣ ዝም ብሎ ከመስማት ይሻላል። ጂቦርድም (የጉግል የስልክ ኪቦርድ) በአማርኛ ስትናገር ይጽፋል፣ ቆየ እኮ ከ2017 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ነው። እና ስልኩን አትቀሙት ቀጭኔው ፕሊስ።

ቀጭኔው፦

እሺ ተሸነፍኩ። አላወቅኩም ነበር። አንድ ጥያቄ፣ እና ሚኒስትሪውን እንዴት ሊፈተን ነው?

መምህር ነኝ፦

ጥሩ ጥያቄ ነው። ለዓይነ ስውራን ተማሪዎች አንባቢ እንደሚመደብ ሁላችንም እናውቃለን፣ ለዲስሌክሲያ ግን ነገሩ ገና አልተለመደም። ቢሆንም በትምህርት ቤቱ በኩል ከባለሙያ ወረቀት ጋር ለወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት ቀድሞ ማመልከት ይቻላል። ቀድሞ ስል የፈተናው ሳምንት ማለቴ አይደለም። እምቢ ሊሏችሁ ይችላሉ፣ ለዚያም ተዘጋጁ።

እምቢ ካሉ በተለመደው ሰዓት የሚሠራበትን ዘዴ ያለማምዱት። ምንባብ ያለበት ጥያቄ ላይ ጥያቄዎቹን መጀመሪያ ያንብብ፣ ከዚያ ምንባቡን። መልስ ማጥቆሪያው ወረቀት ላይ ማስመሪያ ያስቀምጥ፣ እነዚህ ልጆች አንድ መስመር ይዘሉና የቀረው ሁሉ ይበላሻል፣ ያወቀውን ይጥላል ማለት ነው። ሒሳብና በቶሎ የሚያልቁትን ቀድሞ ይጨርስ። የአምና የካቻምና ፈተናዎች ላይ ሰዓት ይዛችሁ ሞክሩት።

ውጤቱ ካላማረስ? የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና በ2015 መጀመሪያ ላይ ሲሰጥ 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። ከወደቁት መካከል ስንቱ እንደ ልጅሽ ሲቆጥር የኖረ እንደሆነ የጠየቀ የለም። እና አንድ ወረቀት አይቶ ልጁ ራሱን እንዳይለካ አደራ።

እናት ከጉለሌ፦

ከሦስት ሳምንት በኋላ ተመለስኩ። ሁላችሁንም አንድ በአንድ አመሰግናለሁ። ቀጭኔው አንተንም።

ዓይኑም ጆሮውም ደህና ነው። ባለሙያ ጋ ቀጠሮ ይዘናል፣ ገና ነው (የበዓሉ ሳይሆን ሌላኛው ገና 😊)። አስጠኚውን አመስግነን ሸኘነው፣ በምትኩ የማንበብ ትምህርት የምታስተምር ልጅ አገኘን፣ በቀን 20 ደቂቃ። ማስመሪያውን መጀመሪያ ተቆጣ፣ "ሕፃን ነኝ ወይ" አለ። አሁን ራሱ ይፈልገዋል። ደብዳቤውን አብረን ጻፍን፣ በቃል መፈተኑን አልፈቀዱም፣ ድንገት ማስነበቡን ግን ትተዋል። አንደኛዋ መምህር እንደውም አንቀጹን አንድ ቀን ቀድማ በቴሌግራም ትልክለታለች።

ባለቤቴ ያን ዕለት ወጥቶ ከሄደ በኋላ ሁለት ቀን ስለዚህ ጉዳይ አላወራም። ሦስተኛው ቀን ማታ ልጁ መጽሐፉን ይዞ ሳሎን ተቀምጦ ሳለ አጠገቡ መጥቶ ተቀመጠ። እኔ ወጥ ቤት ነበርኩ፣ ወጡን ማማሰል ትቼ ጆሮዬን ጣልኩ።

"ስንተኛ ወንበር ላይ ነው የምትቀመጠው?" አለው።

"አራተኛ።"

"እኔ መጨረሻ ነበር የምቀመጠው። መጨረሻ ስትሆን ለመቁጠር ጊዜ ታገኛለህ።"

ልጁ ቀና ብሎ ሲያየው ታየኝ። ከዚያ ባለቤቴ ከኪሱ የጭነት ወረቀቶቹን አወጣ፣ የትኛው የትኛው እንደሆነ በማኅተሙ ቀለምና በወረቀቱ ማዕዘን ላይ በቀደዳት ምልክት እንደሚለይ እያሳየው እስከ አራት ሰዓት ድረስ ተቀመጡ። 16 ዓመት አብረን ስንኖር እኔ ያንን ቅዳጅ አይጥ የበላው ነበር የሚመስለኝ።